ስለ ፎርት ዌይን የኬኪዮንጋ ቡድን አጭር ታሪክ

የስፖርት ውድድር በተቃረበ ቁጥር ሁላችንም የምንጠይቀው «ዋንጫውን ማን ይወስዳል?» እያልን ነው። ታሪክ ግን ዋንጫ ያልወሰዱትንም ያስታውሳል። ለዚህም የኬኪዮንጋ የቤዝቦል ቡድን ምስክር ይሆነናል።

ቤዝቦል አንዱ የወረወረውን ኳስ ሌላው በዱላ መትቶ አራት ማዕዘን የሚዞርበት የአሜሪካ ጨዋታ ነው። ቀድሞ ሰዎች የሚጫወቱት ለደስታቸው ነበር። እያደር ግን በስውርም በግልጽም ደመወዝ መክፈል ስለ ተለመደ፣ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር በማርች 1871 ዓ.ም. የባለደመወዝ ተጫዋቾች ማኅበር በኒው ዮርክ ተቋቋመ። የመግቢያው ዋጋ 10 ዶላር ብቻ ስለ ነበረ ትናንሽ ከተሞችም ከታላላቆቹ ጋር ለመሰለፍ ቻሉ።

ከእነዚህ አንዷ በኢንዲያና ግዛት የምትገኘው ፎርት ዌይን ስትሆን፣ በዚያን ጊዜ ሕዝቧ 20 ሺህ አይሞላም ነበር። ቡድኑ ኬኪዮንጋ የተባለው ከከተማዋ በፊት በዚያ ሥፍራ በነበረው የማያሚ ሕዝብ መንደር ስም ነው። ከተጫዋቾቹም ብዙዎቹ የከተማዋ ልጆች ሳይሆኑ ከባልቲሞር የመጡ ነበሩ።

ሜይ 4 ቀን 1871 ዓ.ም. ኬኪዮንጋ የክሊቭላንድን ቡድን በሜዳው ተቀብሎ 2 ለ 0 አሸነፈ። ይህም የማኅበሩ የመጀመሪያ ጨዋታ ነበር። በዚያ ዘመን አንድ ቡድን ሃያና ሠላሳ ነጥብ ማግባቱ የተለመደ ስለ ነበረ ውጤቱ እጅግ አስደናቂ ሆነ። ኳስ ወርዋሪው ቦቢ ማቲውስ ገና የ19 ዓመት ወጣት ሲሆን ቁመቱም አጭር ነበር።

ነገር ግን ደስታው አልዘለቀም። ሽንፈት ሲደራረብ፣ ገንዘብ ሲያጥርና ተጫዋቾች ሲለዩት፣ ቡድኑ ከ19 ጨዋታዎች 7 አሸንፎ በ12ቱ ተሸንፎ የውድድሩ ዘመን ሳያልቅ ፈረሰ። ማኅበሩም ራሱ ከ1875 ዓ.ም. አላለፈም። ማቲውስ ግን በሌሎች ቡድኖች እስከ 1887 ዓ.ም. ተጫውቶ በጠቅላላው 297 ጊዜ ለማሸነፍ በቅቷል።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ ሁለት ነገር እንማራለን። ደመወዝ ተጫዋችን ከሩቅ ሊያመጣ ይችላል፤ ገንዘቡ ሲያልቅ የሚያቆየው ግን ፍቅርና አንድነት ነው። ደግሞም መልካም ሥራ፣ ሠሪው ማኅበር ቢፈርስም እንኳ፣ አይጠፋም። ኬኪዮንጋ የቆየው ጥቂት ወራት ብቻ ሲሆን፣ የቤዝቦል ታሪክ በተጻፈ ቁጥር ያቺ የመጀመሪያ ቀን ትነሣለች።