ሰባቱ ሁለተኛዎች

ቆጠራ ቀላል ሥራ ይመስላል። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ማለት አፉን የፈታ ሕፃን ሁሉ የሚችለው ነገር ነው። በባንክ መስኮት ጀርባ የሚውል ሰው ግን ይህን እምነት ቶሎ ይተዋል። ከመቁጠሩ በፊት የትኛው ከየትኛው ሒሳብ እንደሚገባ መለየት አለበት፤ ድካሙም ያለው ከመለየቱ ላይ ነው። በእኛ ሥራ ሁለት ሰዎች አንዱን ገንዘብ ቆጥረው ሁለት ድምር ካገኙ አንዳቸው ተሳስተዋል ማለት ነው፤ ስሕተቱ እስኪገኝ ድረስም ወደ ቤት መሄድ የለም። ዛሬ የማወጋችሁ ታሪክ ከዚህ ይለያል። ብዙ ሰዎች አንዱን ነገር ቆጥረው የተለያየ ድምር አግኝተዋል፤ ሆኖም «ተሳስተሃል» ሊባል የሚገባው አንድም ሰው የለም።

የሚቆጠረው ነገር ሱፐር ማሪዮ ነው። ባለ ቀይ ቆቡ፣ ባለ ሪዙ የቧንቧ ሠራተኛ፣ ኪዮቶ ከሚገኘው ከኒንቴንዶ ኩባንያ ወጥቶ ዓለምን የዞረ የቪዲዮ ጨዋታ ጀግና ነው። ጨዋታው ሲጠቃለል ሩጫና ዝላይ ነው፤ ተጫዋቹ ማሪዮን እያስሮጠ፣ ከመድረክ ወደ መድረክ እያዘለለ፣ ገደሉንና ጠላቱን እያሳለፈ ወደ ፍጻሜው ያደርሰዋል። ጥያቄውም አጭር ነው፦ የዚህ ተከታታይ ሥራ ዋና ዋና ክፍሎች ስንት ናቸው?

የሥነ ጽሑፍ ወዳጅ «ይህ ከእኛ ጋር ምን አገናኘው?» ይል ይሆናል። የአንድን ደራሲ ሥራዎች ሰብስቦ ለማሳተም የተነሣ ሰው ግን ጥያቄውን ያውቀዋል። የትኛው ሥራ ከጥራዙ ይግባ? በሌላ ሰው እጅ የተሠራው ይቆጠራል ወይ? አሳታሚው ለገበያ ሲል የለወጠው ርእስ ይጸናል ወይ? ማሪዮ በአርባ ዓመት ዕድሜው እነዚህን ጥያቄዎች ሁሉ አስነሥቷል።

ዓመታቱን የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው። የመጀመሪያው «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ» ጃፓን ውስጥ ለገበያ የቀረበው ሴፕቴምበር 13 ቀን 1985 ነበር፤ በእኛ አቆጣጠር መስከረም 3 ቀን 1978 ዓ.ም. መሆኑ ነው። አንዱን ቀን በሁለት ቁጥር መጥራት ለለመደ አንባቢ የሚከተለው ነገር እንግዳ አይሆንበትም።

ማሪዮ የተወለደው ግን ከዚያ ቀን በፊት ነው። በ1981 «ዶንኪ ኮንግ» በተባለው ጨዋታ ከአንድ ጎሪላ ጋር ሲታገል ታይቷል፤ በ1983ም «ማሪዮ ብራዘርስ» በሚለው ሥራ ከወንድሙ ከሉዊጂ ጋር የቧንቧ ሠራተኛ ሆኖ ቀርቧል። ሁለቱም ከዋናው ቆጠራ አይገቡም፤ «ሱፐር» የሚለው ቅጽል ገና አልተሰጠውም ነበርና። እንግዲህ ቆጠራው ሳይጀመር ሁለት ሥራዎች ከመዝገቡ ውጭ ቀሩ።

ሺጌሩ ሚያሞቶና ታካሺ ቴዙካ የነደፉት፣ ኮጂ ኮንዶም ዜማውን የደረሱለት የ1985ቱ ሥራ ስምንት ዓለማት አሉት፤ በእያንዳንዱ ዓለም አራት ደረጃ፣ በድምሩ 32። ከ40 ሚሊዮን በላይ ቅጂ ተሸጧል። አንደኛ ስለ መሆኑ የሚከራከር የለም። ክርክሩ የሚጀምረው ከሁለተኛው ነው።

በ1986 ጃፓን ውስጥ «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ 2» ወጣ። ሥዕሉም ሕጉም የፊተኛው ነበር፤ የተለወጠው ጭካኔው ነው። የሚያሳድገው እንጉዳይ መርዘኛ ወንድም አገኘ፤ በዝላዩ መካከል ነፋስ ይነሣል፤ አቋራጭ መስሎ የሚታየው በር ተጫዋቹን ወደ ኋላ ይመልሰዋል። ማሸጊያው ላይም ጨዋታው ለተካኑ ተጫዋቾች መሆኑ ተጽፎ ነበር። የኩባንያው የአሜሪካ ቅርንጫፍ ይህን ሲያይ ፈራ። በ1983 የወደቀው የአሜሪካ የቪዲዮ ጨዋታ ገበያ ገና ማገገሙ ነበርና፣ ገዥን የሚያስመርር ነገር ለመሸጥ አልደፈረም። ስለዚህ አሜሪካ ሁለተኛ የሌላት ሆነች።

ያን ጊዜ ጉዲፈቻ ታሰበ። በ1987 ኒንቴንዶ ከፉጂ ቴሌቪዥን ጋር «ዩሜ ኮጆ፦ ዶኪ ዶኪ ፓኒክ» የተባለ ጨዋታ አውጥቶ ነበር፤ ፉጂ ቴሌቪዥን በዚያ ዓመት ላዘጋጀው ትልቅ ትርኢት የተሠራ ነው። ጀግኖቹ ጥምጥም የጠመጠመ ወጣትና ቤተሰቡ ናቸው። ይህ ሥራ ተወሰደና የአራቱ ጀግኖች ምስል ተነሥቶ በምትካቸው ማሪዮ፣ ሉዊጂ፣ ልዕልቲቱና ቶድ ገቡበት። በ1988 አሜሪካ ውስጥ «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ 2» ተብሎ ተሸጠ። በዚህ ጨዋታ ጠላትን ረግጦ መግደል የለም፤ ከመሬት አትክልት ነቅሎ መወርወር ነው። የአሜሪካ ልጆች ግን ሁለተኛው ማሪዮ ይህ ነው ብለው አደጉ።

ነገሩ በዚህ ቢያበቃ «ሐሰተኛ ሁለተኛ» ብሎ ማለፍ ይቻል ነበር። ይሁን እንጂ ጨዋታውን የመሩት ኬንሱኬ ታናቤ በ2011 እንደ ተናገሩት፣ የሥራው የመጀመሪያ ሙከራ ራሱ የተጀመረው ማሪዮን በመሰለ ጨዋታ ነው፤ ሁለት ተጫዋቾች አንዱ ሌላውን እያነሣ ወደ ላይ የሚወጡበት ሐሳብ ነበር። ሙከራው ሳይሳካ ቀረ፤ ሐሳቡ ለፉጂ ቴሌቪዥን ሥራ ዋለ፤ ከዚያም ዞሮ ወደ ማሪዮ ቤት ገባ። የማደጎ ልጅ የተባለው የዚያው ቤት ልጅ ሳይሆን አይቀርም። ውርሱንም አስመስክሯል። የልዕልቲቱ በአየር ላይ መንሳፈፍ ከዚህ ሥራ የመጣ ጠባይ ነው፤ ጭምብል ለባሹ ሻይ ጋይም ወደ ማሪዮ ዓለም የገባው በዚሁ በር ነው።

ሁለቱ አገሮች ከዚያ በኋላ ያደረጉትን ልብ በሉ። ጃፓን በ1992 የአሜሪካውን ሁለተኛ ስትቀበል ቁጥሩን ነፍጋ «ሱፐር ማሪዮ ዩ.ኤስ.ኤ.» አለችው። አሜሪካ በ1993 የጃፓኑን ሁለተኛ ከአራት ጨዋታዎች ስብስብ ውስጥ ስትቀበል እርሷም ቁጥሩን ነፍጋ «የጠፉት ደረጃዎች» አለችው። እያንዳንዷ የራሷን ሁለት ጠብቃ፣ ለሌላይቱ ሁለት የእንግዳ ስም ሰጠች። ለጃፓን ልጆች ግን እነዚያ ደረጃዎች አንድም ቀን ጠፍተው አያውቁም።

ሦስተኛው ሰላም አወረደ። «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ 3» በ1988 ጃፓን ውስጥ፣ በ1990 ሰሜን አሜሪካ ውስጥ በአንድ ስምና በአንድ ቁጥር ወጣ። በ1990 መጨረሻ ጃፓን ውስጥ የተከተለው «ሱፐር ማሪዮ ወርልድ» ነው፤ የጃፓኑ ማሸጊያ ከዋናው ስም ሥር «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ 4» የሚል ንኡስ ርእስ ነበረው። ባሕሩን ሲሻገር ንኡስ ርእሱ ቀረ። አራት ቁጥር በዚያ ማሸጊያ ላይ ታየችና ጠፋች። አምስት የሚል ማሪዮ ከዚያ ወዲህ ተሠርቶ አያውቅም። በ1996 የመጣው «ሱፐር ማሪዮ 64» ቁጥሩን የወሰደው ከተሠራበት መሣሪያ ስም ነው፤ ተራውን አይነግረንም።

ሠሪው ቁጥሩን ሲተው ቆጠራው ለተጫዋቹ ወደቀ። ሁለት ቁጥር ብቻ መመላለሷን አላቆመችም። የጃፓኑ የ1986 ሥራ ሁለተኛ ነው፤ የአሜሪካው የ1988 ሥራ ሁለተኛ ነው፤ በ1992 «ሱፐር ማሪዮ ላንድ 2»፣ በ1995 «ሱፐር ማሪዮ ወርልድ 2፦ የዮሺ ደሴት»፣ በ2010 «ሱፐር ማሪዮ ጋላክሲ 2»፣ በ2012 «ኒው ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ 2»፣ በ2019 «ሱፐር ማሪዮ ሜከር 2» ወጥተዋል። በአንድ ቤት ሰባት ሁለተኛዎች ተሰበሰቡ። ከእነዚህ መካከል ለቆጣሪ ትልቁን ፈተና ያመጣው የዮሺ ደሴት ነው።

በዚህ ሥራ ማሪዮ ገና ጨቅላ ነው። ዮሺ የተባለው አረንጓዴ ፍጡር በጀርባው አዝሎት ይሄዳል፤ ተጫዋቹም የሚመራው ዮሺን ነው። ሚያሞቶና ቴዙካ እጃቸውን ያኖሩበት ውብ ሥራ ነው፤ በስምም ከሄድን በውጭ ገበያ ማሸጊያው ላይ «ሱፐር ማሪዮ ወርልድ 2» የሚለው በግልጽ ተጽፏል። የጃፓኑ ስም ግን ሁለት ቁጥርን አልያዘም። ዛሬ ዋናዎቹን የሚቆጥሩ ብዙዎች የዮሺ ተከታታይ መጀመሪያ ያደርጉትና ከማሪዮ መዝገብ ያወጡታል። በ1994 የወጣው «ዋሪዮ ላንድ፦ ሱፐር ማሪዮ ላንድ 3» ዕጣውም ይኸው ነው፤ ጀግናው ዋሪዮ ስለሆነ የማሪዮ ስም በርእሱ ላይ መኖሩ አላዳነውም።

ታዲያ ሠሪውን እንመልከት ብንልስ? ይህም አያዛልቅም። በ1989 ለጌም ቦይ የወጣው «ሱፐር ማሪዮ ላንድ» የጉንፔ ዮኮይ ቡድን ሥራ ነው፤ ሚያሞቶ አልነበሩበትም። አገሩ ሌላ፣ ልዕልቲቱ ሌላ፣ ማሪዮም አንዳንዴ በባሕር ሰርጓጅ መርከብ፣ አንዳንዴ በአውሮፕላን ሆኖ ይተኩሳል። ይህን ሁሉ ልዩነት ይዞ ማንም ከመዝገቡ አያወጣውም። እንግዲህ በስም ብንሄድ ዮሺንና ዋሪዮን ልናስገባ ነው፤ በሠሪ ብንሄድ ላንድን ልናስወጣ ነው። ሁለቱም መለኪያዎች ሰው በልቡ ካደረገው ቆጠራ ጋር አይገጥሙም።

በ2015 ጃፓን ውስጥ የሠላሳ ዓመቱ ይፋዊ መድበል ሲታተም ሥራዎቹን 17 አድርጎ አቀረበ። የጃፓኑም የአሜሪካውም ሁለተኛ አሉበት፤ ሁለቱ ላንዶች አሉበት፤ የዮሺ ደሴት የለበትም። ከዚያ ወዲህ የወጡትን «ሱፐር ማሪዮ ኦዲሴይ» (2017) እና «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ ወንደር» (2023) ስንጨምር 19 ይሆናሉ። ከነዚህም 12ቱ ጀግናው ከጎን እየታየ የሚሮጥባቸው፣ 7ቱ ከ«ሱፐር ማሪዮ 64» ጀምሮ በሰፊ ዓለም ውስጥ ወደፈቀደው አቅጣጫ የሚንቀሳቀስባቸው ናቸው። ተጫዋቹ ራሱ መንገዱን የሚሠራባቸውን ሁለቱን ሜከሮች (2015 እና 2019) እንዲሁም ማሪዮ በስልክ ላይ ሳይታዘዝ በራሱ የሚሮጥበትን «ሱፐር ማሪዮ ረን» (2016) የሚያስገባ ሰው 22 ይላል። በ2021 ከአንድ የቆየ ሥራ ጋር ተያይዞ የተሸጠውን «ባውዘርስ ፊውሪ» ራሱን የቻለ ነው ለሚል ደግሞ 23 ነው።

ይህ ሁሉ ክርክር ምን ይጠቅማል? መልሱን የምናገኘው ከመደርደሪያው ላይ ነው። ከዝርዝር የገባ ሥራ እንደገና ይታተማል፤ የወጣ ሥራ ባረጀ መሣሪያ ውስጥ ተዘግቶ ይቀራል። በ2020 ኒንቴንዶ የማሪዮን 35ኛ ዓመት ሲያከብር ሦስት ሥራዎችን በአንድ ስብስብ ሸጠ፤ «64»፣ «ሰንሻይን» እና «ጋላክሲ»። «ጋላክሲ 2» ተተወ። ስብስቡም ራሱ ከማርች 31 ቀን 2021 በኋላ ከሽያጭ ወጣ። የተተወው ሥራ ከታላቁ ጋር አብሮ በአዲስ መልክ የተሸጠው በ2025 ነው። በእነዚያ ዓመታት አዲሱን መሣሪያ ብቻ ይዞ ያደገ ልጅ «ጋላክሲ 2» በመሣሪያው አልቀረበለትም። ዝርዝር አውጪው ለሚቀጥለው ትውልድ የሚደርሰውን እየመረጠ ነበር።

የእኔን ድምር ለሚጠይቀኝ 19 እላለሁ። መለኪያዬም ይህ ነው፦ ተጫዋቹ በገዛ እጁ ማሪዮን የሚያስሮጥበትና የሚያዘልልበት፣ ሠሪዎቹም ከመነሻው እስከ ፍጻሜው መንገዱን የነደፉለት፣ ለብቻውም ቆሞ የተሸጠ ሥራ። በዚህ መለኪያ የማደጎው ልጅ ይገባል፤ ከባዕድ ቡድን የመጣውም ይገባል።

የአሜሪካው ሁለተኛ አጨራረስ ትዝ ይለኛል። ጠላት ድል ከሆነ በኋላ ማሪዮ አልጋው ላይ ተኝቶ ይታያል፤ ያ ሁሉ ጀብዱ ሕልም ኖሯል። ሕልም የነበረውን ሥራ በመዝገብ አስገብቼ፣ ጨቅላውን ማሪዮ አዝሎ ያን ሁሉ መንገድ የሄደውን ዮሺን ከደጅ አስቀርቻለሁ። ድምሩ ይገጥማል፤ ዮሺን ማስቀረቴ ግን እስከ ዛሬ ይቆረቁረኛል።