ኦልጋ እንዴት ኦሪጋ ሆነች

ጃፓኖች «ኦልጋ» ማለት አይሆንላቸውም። ስንፍና አይደለም፣ የቋንቋቸው ጉዳይ ነው። የባዕድ ስም የሚጽፉበት ካታካና የሚባለው ፊደል እንደኛው ፊደል ተነባቢና አናባቢን ባንድ ምልክት ይይዛል፤ ሳድስ ግን የለውም። እኛ «ል» ብለን ድምፁን እንዘጋለን፣ እነሱ ከ«ን» በስተቀር የሚዘጉበት የላቸውም። በዚያ ላይ «ለ»ን ከ«ረ» አይለዩም። ስለዚህ አንዲት ኦልጋ ጃፓን ስትገባ ኦሪጋ ልትባል ትችላለች።

ቤይሩት ወይም ሪያድ ሠርታ የተመለሰች እህት ያለው ሰው ይህ ብዙም አይደንቀውም። እመቤቲቱ ስሟን መጥራት ከብዷት ሌላ ስም ያወጣችላት ስንት አለች! ዛሬ የማወራላችሁ ሴት ግን ያንን የተሰበረ ስም ተቀብላ የመድረክ ስሟ አደረገችው። በ1994 ያወጣችው የመጀመሪያ አልበሟ ርዕስም ይኸው ነው፤ «ኦሪጋ»። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ኦልጋ ያኮቭሌቫ የተወለደችው ኦክቶበር 12 ቀን 1970 ከኖቮሲቢርስክ ብዙም በማትርቀው ኮቼንዮቮ፣ ሳይቤሪያ ውስጥ ነው። የሙዚቃ ትምህርቷን በ1990 ጨርሳ በ1991 ጃፓን ገባች። ዓመቱን ልብ በሉ። ገና አገሩን ሳትለምድ የወጣችበት መንግሥት ፈረሰ፤ በዚያው ታኅሣሥ ሶቭየት ኅብረት የምትባል አገር አልነበረችም።

አኒሜ የሚያዩ ወጣቶች ይህችን ሴት በድምፅ ያውቋታል። «ጎስት ኢን ዘ ሼል፦ ስታንድ አሎን ኮምፕሌክስ» ሲጀምር በሩሲያኛ የምትዘፍነው እሷ ናት። ሁሌ የሚነሳው ጥያቄ «አንዲት የሳይቤሪያ ልጅ እንዴት እዚያ ደረሰች?» የሚል ነው። እኔን ግን የሚከነክነኝ ሌላ ነው። ጃፓን ለምን በሩሲያኛ እንድትዘፍንላት ፈለገች?

መልሱን ለማግኘት ትንሽ ወደኋላ መሄድ አለብን።

በ1945 ጦርነቱ ሲያበቃ ሶቭየት ኅብረት 600,000 የሚጠጉ የጃፓን ወታደሮችን ማርካ ወደ ካምፖቿ ወሰደች፤ አብዛኞቹም ሳይቤሪያ ገቡ። እንጨት ቆረጡ፣ ባቡር ሐዲድ ዘረጉ፣ ማዕድን ቆፈሩ። ከ50,000 በላይ የሚሆኑት እዚያው ቀሩ። የተመለሱት ይዘው ከመጡት ነገር አንዱ ዘፈን ነበር። የሰው ልጅ ነገሩ ግራ ነው፤ ካሰረው ሰው ዘፈን ይማራል። በ1950ዎቹ ደግሞ ቶኪዮ ውስጥ ደንበኛው ቡናውን እየጠጣ ከማያውቀው ሰው ጋር በኅብረት የሚዘምርባቸው ቡና ቤቶች በረከቱ። ግራ ዘመም ወጣቶች የሚያዘወትሯቸው እነዚህ ቤቶች የሩሲያ ዜማዎችን በጃፓንኛ ግጥም አስፋፉ።

ከእነዚያ ዘመን የማይሽራቸው ዜማዎች አንዱ «ፖሊዩሽኮ ፖልዬ» ነው። ሌቭ ክኒፐር የተባለ ሶቭየታዊ አቀናባሪ በ1930ዎቹ የሠራው የቀይ ጦር ዘፈን ነው። በደርግ ዘመን ኪየቭ ወይም ኦዴሳ የተማረ አጎት ካላችሁ ጠይቁት፤ ዜማውን ያንጎራጉርላችኋል። ጃፓን ውስጥ በ1971 አንድ ወጣት ዘፋኝ ተጫውቶት ተወዳጅ ሆኖ ነበር። በ1998 ደግሞ የቴሌቪዥን ድራማ መክፈቻ ሆኖ ተመለሰ፤ የዘፈነችውም ኦሪጋ ናት።

እንግዲህ ሩሲያኛ ለጃፓን ጆሮ እንግዳ አልነበረም። የሚያውቁት ግን እንደ ቋንቋ ሳይሆን እንደ ስሜት ነው፤ በረዶ፣ ርቀት፣ የማይመለስ ነገር።

ይህንን ከማንም በላይ የተረዳችው ሰው ዮኮ ካኖ ናት። ካኖ በ1998 «ካውቦይ ቢባፕ» ለተባለው አኒሜ በሠራችው ጃዝና ብሉዝ ስሟ የናኘ የሙዚቃ ደራሲ ናት። የውጭ ድምፅ ትወዳለች። አሜሪካዊው ስቲቭ ኮንቴም፣ አውስትራሊያዊው ስኮት ማቲውም ለእሷ ዘፍነዋል። ከሁሉ የሚገርመው ግን የጋብሪዬላ ሮቢን ታሪክ ነው። ይህች ዘፋኝ በካኖ አልበሞች ላይ ለዓመታት ስሟ ሲጻፍ ኖሯል። የምትዘፍንበት ቋንቋ የትኛው እንደሆነ አድማጩ አይለየውም፤ የፈረንሳይኛ ይመስላል፣ አይደለም፤ የላቲን ይመስላል፣ አይደለም። በ2009 ካኖ መድረክ ላይ ወጥታ እውነቱን ገለጠችው። ጋብሪዬላ ሮቢን የምትባል ሴት የለችም። ካኖ ራሷ ነበረች፤ ቋንቋውም የፈጠራ ነው።

እስቲ አስቡት። የባዕድ ድምፅ ይህን ያህል ከመፈለጉ የተነሳ አንዲት ጃፓናዊት የሌለች የውጭ አገር ዘፋኝ ፈጠረች።

ኦሪጋ ወደ ካኖ ስቱዲዮ የገባችው በዚህ ስሜት ውስጥ ነው። በ2002 ኬንጂ ካሚያማ ያዘጋጀው «ስታንድ አሎን ኮምፕሌክስ» 26 ክፍል ሆኖ ቀረበ። ታሪኩ የሚካሄደው በ2030 ነው፤ ዋናዋ ገጸ ባሕርይ ሜጀር ሞቶኮ ኩሳናጊ አካሏ በሙሉ ሰው ሠራሽ ነው፣ የእሷ የቀረው «መንፈሷ» ብቻ ነው። «ኢነር ዩኒቨርስ» የተባለው መክፈቻ ሩሲያኛ፣ እንግሊዝኛና ላቲን ያቀላቅላል። ተራው ጃፓናዊ ተመልካች አንዱንም መስመር አጥርቶ ባይሰማ አይፈረድበትም።

ነገር ግን ከጋብሪዬላ ሮቢን ጋር አንድ ልዩነት አለ፤ ለእኔ ዋናው ጉዳይም እሱ ነው። የግጥሙ ጸሐፊዎች ስም ሲነበብ ኦሪጋ አለችበት። ከሻንቲ ስናይደር ጋር ሆና ነው የጻፈችው። ማለትም ድምፁ ያማረ ትርጉም የለሽ ነገር እንዲሆን ሊበቃ በሚችልበት ቦታ ላይ እሷ ትርጉም ያለው ነገር አስቀመጠች። አሥር ሚሊዮን ሰው ባይረዳውም ኮቼንዮቮ ያለችው ጎረቤቷ ትረዳዋለች። የሚሰማኝ የለም ብላ አላጭበረበረችም።

በጃፓንኛ መዝፈን አቅቷት አልነበረም። በ2004 «ፋንታስቲክ ቺልድረን» የተባለው አኒሜ መዝጊያ ዘፈን የእሷ ነው፣ ርዕሱም ጃፓንኛ ነው። ሩሲያኛውን የመረጡት ሁለቱም ወገኖች ናቸው፤ ምክንያታቸው ግን አንድ አልነበረም።

በዚያው 2004 ሁለተኛው ምዕራፍ መጣ። መክፈቻው «ራይዝ» የተባለ ነው፣ አሁንም ኦሪጋ። የዚህ ምዕራፍ ታሪክ ስለ ስደተኞች መሆኑን ስንቶቻችን አስተውለናል? ከጦርነት በኋላ ጃፓን በርካሽ ጉልበት እንዲያገለግሏት ሦስት ሚሊዮን ያህል ስደተኞችን ታስገባለች። ሥራው ሲያልቅ ሸክም ሆኑባት። ስደተኞቹ መጨረሻ የሚሰባሰቡት ናጋሳኪ ውስጥ ዴጂማ በተባለ ቦታ ነው። ደራሲዎቹ ይህን ስም ያለ ነገር አልመረጡትም። ዴጂማ በእውነተኛው ታሪክ ውስጥ በእጅ የተሠራች ትንሽ ደሴት ነበረች። ጃፓን በሯን በዘጋችበት ዘመን፣ ከ1641 ጀምሮ ከ200 ዓመት በላይ፣ የሆላንድ ነጋዴዎች እዚያች ደሴት ላይ ተወስነው እንዲኖሩ ይደረግ ነበር። ዕቃቸው ይገባል፣ መጽሐፋቸው ይገባል፣ እነሱ ግን ያለ ፈቃድ ድልድዩን አይሻገሩም።

መክፈቻ ዘፈንም እንዲሁ አይመስላችሁም? ደጃፍ ላይ ነው የምትቆመው። አንድ ደቂቃ ተኩል ትዘፍናለህ፣ ከዚያ በሩ ይከፈትና ታሪኩ ያለ አንተ ይቀጥላል። ስለ እንግዶች በሚተርከው በዚያ ድራማ፣ በየሳምንቱ በሩ ላይ ቆማ የምትቀበለን እውነተኛዋ እንግዳ ነበረች። ካሚያማና ካኖ ይህንን አስበውት ይሁን አይሁን አላውቅም፤ እኔ ግን ካሰብኩት ወዲህ መክፈቻውን አሳልፌ ማየት ትቻለሁ።

ሌላም መንገድ እንደነበረ ለማሳየት ሪካርዶ ክሩዝን ልጥቀስ። ብራዚላዊ ነው። በ1908 ካሳቶ ማሩ የተባለችው መርከብ ስደተኛ ጃፓናውያንን ሳንቶስ ወደብ ካራገፈች ጀምሮ ብራዚል የጃፓን ሁለተኛ ቤት ናት። ክሩዝ በ2005 በውድድር አልፎ ጃም ፕሮጀክት የተባለውን ስመ ጥር የአኒሜ ዘፋኞች ቡድን ተቀላቀለ። የሚዘፍነው በጃፓንኛ፣ ልክ እንደነሱ፣ ደረቱን ነፍቶ ነው። ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ብትሰሙት ከየት እንደመጣ አታውቁም። ክብሩም እዚያ ላይ ነው። እሱን ያስመረጠው መመሳሰሉ ነው፤ እሷን ያስመረጣት አለመመሳሰሏ።

የማን ይሻላል? እኔ ወደ ኦሪጋ አደላለሁ፣ ግን ልቤ ሙሉ አይደለም። የማይገባህን ቋንቋ ለውበቱ ብቻ መውደድ ፍቅርም ነው፣ አለመስማትም ነው።

ከዚያ በኋላ ያለው አጭር ነው። በ2004 መጨረሻ ድራማው አሜሪካ ውስጥ መታየት ሲጀምር የሳይቤሪያዋ ድምፅ በቶኪዮ በኩል ዞሮ ቴክሳስና ኦሃዮ ደረሰ። ሩሲያ ውስጥ ያሉ ወጣቶችም በርካቶቹ የሀገራቸውን ልጅ የተዋወቁት ከጃፓን ካርቱን ነው። የጃፓን ድራማ ሲያዩ በድንገት የገዛ ቋንቋቸው ሲሰማ! እነዚህ ናቸው ቃሉን የተረዱት። በ2006 «ሶሊድ ስቴት ሶሳይቲ» ለተባለው ፊልም እንደገና ዘፈነች። ጃንዋሪ 17 ቀን 2015 በሳንባ ካንሰር አረፈች። 44 ዓመቷ ነበር፤ ከግማሽ የሚበልጠውን ዕድሜዋን የኖረችው ኦሪጋ እየተባለች ነው።

በ2020 ድራማው በኔትፍሊክስ በአዲስ ምዕራፍ ተመለሰ። ሜጀሯ አለች፣ ባቱ አለ፣ ታቺኮማዎቹም አሉ። መክፈቻው በእንግሊዝኛ ነው።