ከ1300 በታች፦ የዲኤክስ ታሪክ

አጎቴ ስለ መኪናው ሲያወራ ቶዮታ አይልም፣ ኮሮላም አይልም። «ዲኤክሷ» ነው የሚላት። አዳማ ውስጥ ገዢውም፣ ደላላውም፣ መካኒኩም እንደዚያው ነው የሚጠራት። እነዚያ ከኋላዋ የተለጠፉ ሁለት ፊደላት የመኪናዋ ስም ሳይሆኑ የደረጃ ምልክት መሆናቸውን ያወቅኩት ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ነው። «ዴሉክስ» አጥሮ ነው ዲኤክስ የሆነው። ቃሉ ቅንጦት ቅንጦት ይሸታል እንጂ በኮሮላ የደረጃ መሰላል ላይ ዲኤክስ ከታች በኩል ነው የምትቆጠረው። እኛ ጋ ግን የደረጃ ምልክቱ ስም ሆኖ ቀረ።

ባለፈው ክረምት ዲኤክሷ ሰማያዊ ጭስ ጀመራት። ዘይት መብላት ጀመረች ማለት ነው። አጎቴ በዚህች መኪና ከወንጂ እስከ መተሐራ ኮንትራት እየሠራ ልጆቹን አስተምሯል። ስልክ ደውሎ ሲያማክረኝ «ሽጣት» አልኩት። ትንሽ ዝም ብሎ «አንተ ኢንጂነር አይደለህ እንዴ? ሽጣ ለማለትማ ደላላ ይበቃኛል» አለኝ። ሥራዬ ሶፍትዌር ነው፤ ሞተር ፈትቼ አላውቅም። ነገሩ ግን ከነከነኝና ማንበብ ጀመርኩ። ከጃፓን የጀመርኩት ንባብ ዞሮ ዞሮ የኤክሳይዝ አዋጅ ላይ ጣለኝ።

የኮሮላ ታሪክ የሚጀምረው በ100 ሲሲ ነው። እ.ኤ.አ. በ1966 ኤፕሪል ላይ ኒሳን 988 ሲሲ ሞተር ያላትን ሳኒ ገበያ አወጣ። ቶዮታ በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ ኮሮላን ይዞ ሲመጣ ሞተሯ 1077 ሲሲ ነበር፤ ማስታወቂያውም ይቺኑ የ100 ሲሲ ብልጫ እየደጋገመ ነበር የሚያወራው። ዋና መሐንዲሱ ታትሱዎ ሃሴጋዋ በጦርነቱ ዘመን አውሮፕላን ሲነድፍ የኖረ ሰው ነው። ከኮሮላ በፊት እ.ኤ.አ. በ1961 የወጣችውን ፐብሊካን ሠርቷል። ፐብሊካ ርካሽና ጠንካራ ነበረች፤ ግን ከመንቀሳቀስ ያለፈ ነገር አልነበራትም፤ ገዢም እንደታሰበው አልጎረፈላትም። ሰው ድሃ ስለሆነ ብቻ ድሃ የሚመስል ነገር መግዛት አይፈልግም። ሃሴጋዋ ከዚህ ያወጣው መርህ «80 ነጥብ ሲደመር አልፋ» ይባላል፦ መኪናዋ በየትኛውም መለኪያ ከ80 በታች እንዳታመጣ፣ በአንዳንዱ ደግሞ ከዚያ አለፍ ብላ እንድትገኝ። በኛ ዩኒቨርሲቲ 80 ኤ ማይነስ ነው። ኮሮላን ሳስብ ሁሌ ትዝ የሚለኝ ያ ኤ ማይነስ የማያጣ፣ ኤ ፕላስም የማያስጨንቀው ተማሪ ነው።

ሞተሯ ኬ ይባላል። ኮፈኑ ዝቅ እንዲል 20 ዲግሪ ጋደም ተደርጎ ነው የተገጠመው። የሲሊንደሩ ስፋት 75 ሚሊ ሜትር፣ ፒስተኑ የሚመላለስበት ርቀት 61 ሚሊ ሜትር ነው። ቶዮታ ጉልበት መጨመር ሲፈልግ ስፋቱን ሳይነካ ምልልሱን ረዘም አደረገው። 66 ሲሆን 3ኬ ተወለደ፣ 1166 ሲሲ። 73 ሲሆን 4ኬ መጣ፣ 1290 ሲሲ። የሠራ ኮድ አይነካም የምንለው ነገር ለካ ከኛ በፊትም ነበረ። የኬ ቤተሰብ በተለያየ መኪና ላይ 40 ዓመት ገደማ ተሠርቷል።

አጎቴ ጋ ያለችው አራተኛዋ ትውልድ ናት፤ እ.ኤ.አ. በ1979 የወጣችው፣ 4ኬ የተገጠመላት። ሁለተኛዋና ሦስተኛዋ ትውልድ (1970 እና 1974) ዓለምን ያዳረሱ ቢሆኑም ለኛ ታሪክ ብዙ አያስፈልጉንም። አራተኛዋ ግን በማስመሪያ የተሰመረች ነው የምትመስለው፤ ሁሉ ነገሯ ማዕዘን ነው። መስታወቷ ሰፊ፣ ኮፈኗ ጠፍጣፋ፣ ክብደቷ ከ900 ኪሎ ብዙም የማይርቅ። ከኋላ በባሌስትራ ፈንታ ሞላ ተገጠመላት። ከዚህ ሁሉ በላይ ደግሞ በኋላ ጎማ የምትነዳ የመጨረሻዋ ኮሮላ ሴዳን እሷ ናት። ከ1983 ጀምሮ የመጣችው አምስተኛዋ ትውልድ በፊት ጎማ ሆነች። ጃፓኖች ቦታና ክብደት ቆጠቡ፤ የኛ ሰው ግን ፒስታ ላይ የሚነዳ ነውና መሪም ጉልበትም በአንድ ላይ የተሸከመ የፊት ጎማ ብዙም አልጣመውም። አጎቴ እስከዛሬ «መኪና እንደ ሰው ከኋላ ሲገፉት ነው የሚሄደው» ይላል። ፊዚክሱ ላይ ልከራከረው አስቤ ተውኩት።

4ኬ ከባሕር ጠለል ላይ 60 እና ከዚያ ትንሽ አለፍ ያለ የፈረስ ጉልበት አለው። ቱርቦ የሌለው ሞተር በየ1000 ሜትሩ ከፍታ 10 በመቶ ገደማ ጉልበት ያጣል፤ አየሩ ይሳሳላ። 60ን ይዘን ብናሰላ መተሐራ ላይ 54፣ አዳማ ላይ 50፣ አዲስ አበባ ላይ 46 ይቀራል። ከመተሐራ ሙቀት ተነስታ አምስት ሰው ከነሻንጣው ጭና፣ በወለንጪቲ በኩል ወደ አዳማ የምትወጣ ዲኤክስ በሠላሳ ዓመት ሥራዋ ስንቴ ይህን እንዳደረገች ማሰብ ነው። ካርቡራተሯ ከፍታውን አያውቅም፤ አየሩ በሳሳው ልክ ነዳጁን አይቀንስም። ስለዚህ መካኒኩ ነው በጆሮው የሚያስተካክላት። አዳማ የተስተካከለች ዲኤክስ አዲስ አበባ ስትገባ ትንሽ ብትንተፋተፍ አይገርምም። ኮምፒውተር የሚሠራውን ሥራ የሚሠራው አንድ በዘይት የጠቆረ ሰው ነው፣ በጠመንጃ መፍቻ።

በነገራችን ላይ ይህ ሰውዬ የጃፓን መኪና የሚጠግነው በጣሊያን ቋንቋ ነው። ቴስታታ፣ ጉርኒሲዮን፣ ካንዴላ፣ ፍሪሲዮን፣ ካምቢዮ፣ ማርሚታ። ጣሊያኖች ከሄዱ በኋላ ቃላቱ ጋራዥ ውስጥ ቀሩ፤ ኮሮላ ስትመጣም ስም አውጥተው ጠበቋት።

እንግዲህ ከዲኤክስ በኋላ የመጡትን ትውልዶች ቶሎ ልለፋቸው። 1987፣ 1991፣ 1995፣ 2000፤ ሁሉም እ.ኤ.አ. ነው። ማዕዘኑ እየለዘበ፣ ካርቡራተሩ በኢንጀክሽን እየተተካ ሄደ። የ1991ዋ የጃፓን ኢኮኖሚ ባበጠበት ዘመን የተነደፈች ስለሆነች የበሯ ድምፅ ራሱ ይለያል። በ1997 ኮሮላ በሽያጭ ብዛት ቮልስዋገን ቢትልን አለፈች፤ በ2021 ደግሞ 50 ሚሊዮን ሞላች። ይህ የዓለም ታሪክ ነው። የኛ ታሪክ የተጻፈው ግን ሌላ ቦታ ነው።

አዋጅ ቁጥር 307/1995 መኪኖችን በሞተራቸው ሦስት ቦታ ከፈላቸው። እስከ 1300 ሲሲ ኤክሳይዙ 30 በመቶ፣ ከ1301 እስከ 1800 ሲሲ 60 በመቶ፣ ከዚያ በላይ 100 በመቶ። ሕግ ነው፤ ኮድ ጸሐፊ ግን «ኢፍ» ብሎ ነው የሚያነበው። ታዲያ የ«ኢፍ» ትልቁ ነገር ጠርዙ ላይ ያለው ነው። በሰማንያዎቹ አጋማሽ የመጣው 2ኢ የሚባለው የኮሮላ ሞተር 1295 ሲሲ ነው። እሱን የተካው 4ኢ 1331 ሲሲ ነው። ሁለቱም በካታሎግ ላይ «1.3» ይባላሉ። አዋጁ ግን አንዱን ከመስመሩ ወዲህ፣ ሌላውን ወዲያ ያደርጋቸዋል፤ በ31 ሲሲ። ይህ በሁለት የሻይ ብርጭቆ ግማሽ እንኳ የማይሞላ ነገር ነው።

ምን ያህል ያመጣል? ጂቡቲ ላይ 100,000 ብር የምታወጣ መኪና እንውሰድ። ቀረጥ 35 በመቶ ይደመርና 135,000። ኤክሳይዙ በዚህ ላይ ነው የሚሰላው፤ ቫት 15 በመቶው በዚያ ላይ፣ ሱር ታክስ 10 በመቶው ደግሞ በሁሉም ላይ። ኤክሳይዙ 30 ከሆነ መጨረሻው 222,000 ገደማ ይመጣል። 60 ከሆነ 273,000። ልዩነቱ 51,000 ብር፣ የመኪናዋን ዋጋ ግማሽ ማለት ነው። በጃፓን የተጨመረችው 100 ሲሲ ኮሮላን አሸናፊ አደረገቻት፤ እዚህ የተጨመረችው 31 ሲሲ ግን የሰው ጥሪት ልትበላ ትችላለች። አንዱ ሞተር ስንት ከተማ ውስጥ በዝቶ ሌላው ለምን እንደጠፋ ለማወቅ የቶዮታን ታሪክ ብቻ ማንበብ አይበቃም።

በ2000 (እ.ኤ.አ.) ገደማ 2ኤንዜድ የሚባል ሞተር መጣ፦ 1298 ሲሲ። ከመስመሩ በታች በሁለት ሲሲ! ሲሊንደሩም እንደ ድሮው ኬ 75 ሚሊ ሜትር ነው። ይህን ሞተር ኮሮላም ቪትዝም ይዘውታል። ቪትዝ ራሷ ስሟ ታሪክ ያወራል፦ ቶዮታ ይህን ስም የሚጠቀመው በዋናነት ለጃፓን ገበያ ነበር፣ አብዛኛው ሌላው ዓለም ያሪስ ይላታል። ጃፓን በግራ ስለሚነዳ የጃፓን መኪና መሪው በቀኝ ነው። ኢትዮጵያ ደግሞ ከ1964 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በቀኝ ነው የምትነዳው። ስለዚህ ከተማችን ውስጥ የምናያት ቪትዝ አብዛኛዋ ዱባይ ላይ መሪዋ ወደ ግራ ተዛውሮ የመጣች ናት። ዳሽቦርዷን ፈትተህ ብታይ ጠባሳው ይታያል።

አዳማ ስንኖር ሞጆ ላይ መኪና ይገጣጠም እንደነበር የሚረሳ ሰው አለ። ሆላንድ ካር የዓባይንና የተከዜን ስም የያዙ አነስተኛ መኪኖች ገጣጥሞ ይሸጥ ነበር፤ ብዙም ሳይቆይ ተዘጋ። እነዚያ መኪኖች አዲስ ነበሩ። ሰው ግን አዲሷን ትቶ አሥራ አምስት ዓመት የሞላትን ኮሮላ ይገዛ ነበር። የምክንያቱ ግማሽ ሶማሌ ተራ ነው፤ የኮሮላ ዕቃ እዚያ ሁሌ አለ። መኪና የሚገዛ ሰው የሚገዛው ብረቱን ብቻ አይደለም፤ ነገ ዕቃ የሚያገኝበትን ተራ፣ የሚጠግንለትን መካኒክም ጭምር ነው። ሞጆ ያ አልነበራትም። ፍርዴ ጨከን ያለ ከሆነ ይቅርታ፤ አባቴም በወቅቱ ጠይቆ፣ አስቦ፣ ኮሮላ ነበር ያለው።

ከዚያ ሁለት ነገር ተከታተለ። በ2012 ዓ.ም. የወጣው አዲሱ የኤክሳይዝ አዋጅ፣ ቁጥር 1186፣ እስከ 1300 ሲሲ ያላትን አዲስ መኪና ወደ 5 በመቶ አውርዶ ለአሮጌዎቹ እስከ 500 በመቶ ቆለለባቸው። ከዚያ በኋላ የሚቆጠረው ሲሲ ብቻ ሳይሆን ዕድሜም ሆነ። በ2016 ዓ.ም. ደግሞ መንግሥት ነዳጅ የምትጠጣ የቤት መኪና እንዳትገባ ከለከለ። አሁን ከአዲስ አበባ አዳማ ባለው የፍጥነት መንገድ ላይ ድምፅ የሌላቸው የቻይና መኪኖች ሽው ይላሉ። ሞተራቸው ሲሲ የለውም፤ 1300 የሚባለው ቁጥር ለእነሱ ትርጉም የለውም። እኔም አንዷን ብገዛ ደስ ይለኛል፣ አልዋሽም። ግን ይሄ ማለት እዚህ አገር ያለችው ኮሮላ ወንድም እህት አይመጣላትም፣ ያለችው እስካለች ድረስ ናት።

ይህን ሁሉ ይዤ አንድ ቅዳሜ ጋራዡ ሄድኩ። መካኒኩ ቴስታታውን አውርዶ ሲሊንደሩን በጣቱ እየዳሰሰ ነበር። «ጋሼ፣ 5ኬ አገኝልሃለሁ፤ ከላይትኤስ የወረደ ነው። መቀመጫው አንድ ዓይነት ነው፣ ልክክ ይላል» አለው አጎቴን። 5ኬ 1486 ሲሲ ነው፤ ጉልበት ይጨምራል። አጎቴ ሊብሬውን ከኪሱ አወጣ። የሞተር ቁጥሩንና ሲሲውን አሳየው። «ይሄን ማን ይቀይርልኛል? ቢሮ ለቢሮ መንከራተት አልችልም። ያንኑ አድሱልኝ።»

የወሰኑት ሲሊንደሩን ቶርኖ ቤት ወስዶ በማሽን ማስፋትና ወፈር ያለ ፒስተንና ፋሻ መግጠም ነው። «ሃምሳ እንበለው» አለ መካኒኩ፤ ግማሽ ሚሊ ሜትር ማለቱ ነው። «ሃያ አምስት አያጸዳውም፣ ተበልቷል።»

ስልኬን አውጥቼ አሰላሁት። 75 ሚሊ ሜትር 75.5 ሲሆን፣ ምልልሱ 73፣ ሲሊንደሩ አራት። 1307 ሲሲ መጣ። ሁለቴ አሰላሁት፣ ያው ነው። ለአጎቴ ሳሳየው መነጽሩን ከፍ አድርጎ ስልኩን አየው፣ ከዚያ ሊብሬውን አየው።

«እዚህ ግን 1290 ነው የሚለው» ብሎ አጣጥፎ ኪሱ ከተተው።