በሥራ ክርክር የፖሊስና የሠራተኛ ጉዳይ ኃላፊዎች ድርሻ

በአሠሪና በሠራተኛ መካከል የሚነሳ አለመግባባት በባሕርይው የወንጀል ጉዳይ አይደለም። ሆኖም ሠራተኞች በፋብሪካ በር ላይ ተሰብስበው ሲታዩ በቅድሚያ የሚደወለው አብዛኛውን ጊዜ ለአካባቢው ፖሊስ ነው። የሠራተኛ ጉዳይ ጽሕፈት ቤት ነገሩን የሚሰማው ዘግይቶ ይሆናል።

በ1987 ዓ.ም የጸደቀው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 42 ለሠራተኞች የመደራጀት፣ የመደራደርና ሥራ ማቆምን ጨምሮ ቅሬታን የመግለጽ መብት አጎናጽፏል። አፈጻጸሙን በቅደም ተከተል አዋጅ ቁጥር 42/1985 እና 377/1996 ሲመሩት ቆይተው፣ አሁን በሥራ ላይ ያለው አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። የዓለም አቀፉን የሥራ ድርጅት 87ኛና 98ኛ ስምምነቶች ኢትዮጵያ ያጸደቀችው ቀደም ብሎ በ1955 ዓ.ም ነበር።

አዋጁ ክርክርን በሁለት ይከፍላል። ከሥራ መሰናበትን፣ ደመወዝንና ፈቃድን የመሳሰለው የግል ክርክር በፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ይታያል፤ ውሳኔው በ60 ቀናት ውስጥ እንዲሰጥ ተደንግጓል። የኅብረት ስምምነትን ወይም አጠቃላይ የሥራ ሁኔታን የሚነካው የወል ክርክር ግን በቅድሚያ ለአስማሚ ይቀርባል። አስማሚውን የሚመድበው የሠራተኛ ጉዳይ አካል ነው። አስማሚው በ30 ቀናት ውስጥ ማስማማት ካልቻለ ምክንያቱን በዝርዝር ገልጾ ሪፖርት ያደርጋል፤ ጉዳዩም ወደ አሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ወሳኝ ቦርድ ሊያመራ ይችላል። አስማሚ ያቀራርባል እንጂ አይፈርድም።

በተግባር በተደጋጋሚ የሚዘነጋው የሥራ ሁኔታ ተቆጣጣሪው ወሰን ነው። ተቆጣጣሪው በሥራ ሰዓት ያለ ቅድመ ማስታወቂያ ወደ ድርጅቱ መግባትና ማጣራት ይችላል። ይሁንና በሥራ ክርክር አስማሚ ወይም ገላጋይ ሆኖ መሥራት ተከልክሏል፤ አቤቱታ ያቀረበለትን ሰው ማንነትም መግለጽ አይፈቀድለትም። ባለሙያ ባነሰበት ወረዳ አንድ ሰው ሁለቱንም ሥራ እንዲይዝ መደረጉ የተቋሙን ተአማኒነት ይጎዳል።

የሥራ ማቆም እርምጃ ሕጋዊ የሚሆነው ቢያንስ ከሠራተኛ ማኅበሩ አባላት ሁለት ሦስተኛው በተገኙበት ስብሰባ በአብላጫ ድምፅ ሲደገፍና ከ10 ቀናት በፊት ለአሠሪውና ለሚመለከተው የሠራተኛ ጉዳይ አካል ሲነገር ነው። በአየር ትራንስፖርት፣ በመብራት፣ በውኃና በእሳት አደጋ አገልግሎት ግን ሥራ ማቆም አይፈቀድም።

ለምሳሌ አንድ ሥራ አስኪያጅ «ሠራተኞቹ አድመዋል» ብሎ ፖሊስ ቢጠራ፣ ተረኛው አባል ማጣራት የሚኖርበት ድብደባ፣ ዛቻ፣ የንብረት ጉዳት ወይም ሰውን አግቶ መያዝ መኖር አለመኖሩን ነው። ከነዚህ አንዱም ከሌለ ሠራተኞቹን በግድ ወደ ማሽን የመመለስ ሥልጣን የለውም። ማስታወቂያው በወቅቱ መሰጠቱንና ድምፁ መሟላቱን መመርመርም ለሠራተኛ ጉዳይ አካል፣ ለቦርዱና ለፍርድ ቤት የተተወ እንጂ በበር ላይ የሚወሰን አይደለም። በአንጻሩ ኃይል ወይም ዛቻ የታከለበት ሥራ ማቆም በአዋጁ የተከለከለ በመሆኑ፣ ወንጀል የፈጸመው ግለሰብ ተለይቶ ሊያዝ ይችላል፤ የተያዘውም በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት። ይኸው መመዘኛ አሠሪው በሚቀጥራቸው ጥበቃዎች ላይም ይሠራል። የማኅበር መሪ መሆን ብቻውን የመያዣ ምክንያት አይሆንም።

የጦር መሣሪያ በክርክር መካከል ሲገባ የሚያስከትለው በአገሪቱ ታሪክ ተመዝግቧል። በመስከረም 1968 ዓ.ም በቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ ጽሑፍ ሲበትኑ በነበሩ ሠራተኞች ላይ ወታደሮች ተኩሰው ሕይወት ጠፍቷል፤ በቀናት ውስጥም በአዲስ አበባ የአስቸኳይ ጊዜ ሁኔታ ታውጇል።

በነገራችን ላይ ፖሊሶችም ሆኑ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኞች የሚተዳደሩት በዚህ አዋጅ ሳይሆን በራሳቸው ሕጎች ነው፤ ኃላፊዎች አዋጁን በቅርበት የማያውቁት ከዚህም የተነሳ ሊሆን ይችላል። ስለዚህ የፖሊስ ጣቢያው ተረኛ የወረዳውን ወይም የክፍለ ከተማውን የሠራተኛ ጉዳይ ባለሙያ ስልክ አስቀድሞ መያዙ፣ በስፍራው ያየውንም ሰዓቱንና የተሰብሳቢውን ብዛት ጠቅሶ መመዝገቡ ይጠቅማል። ቦርዱ ወይም ፍርድ ቤቱ እርምጃው በሰላም መካሄድ አለመካሄዱን ሲመረምር ይኸው መዝገብ በማስረጃነት ሊቀርብ ይችላል።