እናት አገርና የጋብቻ ወረቀት

ባለቅኔዎቻችን አገርን ሲጠሩ ‹‹አንቺ›› ይላሉ፤ ‹‹አንተ›› ሲሉ አይሰማም፡፡ ኢትዮጵያ በአማርኛ ግጥም ውስጥ እናት ናት፤ አንዳንዴ ሙሽራ፣ አንዳንዴ ክብሯ የተነካ ልጃገረድ፣ አንዳንዴም ልጆቿን የምታለቅስ መበለት፡፡ ልማዱ የእኛ ብቻ አይደለም፡፡ ፈረንሳዮች ሪፐብሊካቸውን ማሪያን በምትባል ሴት መልክ ይስላሉ፤ ሩሲያውያን እንደኛው እናት አገር ይላሉ፤ ጀርመኖች አባት አገር ማለትን መርጠዋል፡፡ እናትም እንበል አባት፣ ቃሉ ብቻውን አይመጣም፤ አንድ ሙሉ ቤተሰብ አስከትሎ ይመጣል፡፡ እናት ካለች አባወራ አለ፤ የሚሞትላት ወንድ ልጅ አለ፤ ለእርሱ ወታደር የምትወልድለት ሚስት አለች፡፡ በዚህ ቤት ውስጥ ቦታ ያልተሰጠው ሰውስ? ዛሬ ላወጋችሁ የፈለግሁት ይህ ዘይቤ ከግጥም ወጥቶ ሕግ ሲሆን ምን እንደሚያደርግ ነው፡፡

ጉዳዩን በጥልቀት ከመረመሩት የታሪክ ጸሐፊዎች አንዱ ጆርጅ ሞሲ ነው፡፡ በርሊን ተወልዶ፣ ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ከአይሁዳዊ ቤተሰቡ ጋር የተሰደደ ሰው ነበር፡፡ እ.ኤ.አ. በ1985 ባሳተመው ‹‹ብሔርተኝነትና ወሲባዊነት›› በተሰኘው መጽሐፉ የአውሮፓ ብሔርተኝነት ከመካከለኛው መደብ ‹‹ጨዋነት›› ጋር ተቆራኝቶ እንዴት እንዳደገ አሳይቷል፡፡ ብሔርተኝነት ወንዱን ወታደርና አባወራ፣ ሴቷን እናትና የቤት እመቤት አድርጎ ቀረጸ፤ ከዚህ ቅርጽ የወጣውን ሁሉ ግን እንደ አገር በሽታ ቆጠረ፡፡ ተመሳሳይ ጾታን የሚያፈቅር ሰው፣ አይሁዳዊው፣ ‹‹ወንዳወንድ›› የተባለችው ሴት፣ ሁሉም በአንድ መዝገብ ተጻፉ፡፡ ጥፋታቸው የተለያየ ቢመስልም ክሱ አንድ ነበር፤ የአገርን ጉልበት ያዳክማሉ የሚል፡፡

በእኛ ዘንድ የዘይቤው ሥር የራሱ ነው፡፡ ዳግማዊ ምኒልክ በ1888 ዓ.ም. መባቻ ያስነገሩት የክተት አዋጅ ሕዝቡን የጠራው ስለ ሃይማኖቱ፣ ስለ ሚስቱና ስለ ልጁ ብሎ ነበር፡፡ ተጠሪው ባለ ትዳር ወንድ ነው ማለት ነው፡፡ ፉከራውና ሽለላውም በዚያው መንገድ ሄደ፡፡ ፈሪ ‹‹ሴት›› ተብሎ ይሰደባል፤ ጀግና ሴት እንኳ ስትመሰገን ‹‹ወንድ ናት›› ትባላለች፡፡ ‹‹ወንድ›› የሚለው ቃል የጾታ ስም መሆኑ ቀርቶ የማዕረግ ስም ሆነ፡፡

ነገር ግን ታሪካችን ራሱ ከዚህ ልብስ ሰፍቶ ይገኛል፡፡ በዓድዋ ዘመቻ የራሳቸውን ጦር ይዘው የዘመቱት፣ የመቀሌን ምሽግ ውኃ በማስያዝ ዘዴ ስማቸው የሚነሣው እቴጌ ጣይቱ ከምኒልክ ልጅ አልወለዱም፡፡ አገርን በቤተሰብ ከመሰልን የድሉ ባለቤቶች የሆኑት ባልና ሚስት የጋራ ወራሽ ያልነበራቸው ናቸው፡፡ ሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ፋሺስቶች የረሸኗቸው አቡነ ጴጥሮስም መነኩሴ ነበሩ፤ ሚስትም ልጅም የላቸውም፡፡ ጸጋዬ ገብረ መድኅን ‹‹ጴጥሮስ ያቺን ሰዓት›› ብሎ ለመድረክ ያበቃቸው እኒህ አባት ለአገር የሞቱት እንደ አባወራ ሳይሆን እንደ መናኝ ነው፡፡ በ1958 ዓ.ም. የታተመው፣ ትውልድ ሁሉ የሚወድደው ‹‹ፍቅር እስከ መቃብር››ም ቤት ሠርተው፣ ልጅ ወልደው መኖር ያልተፈቀደላቸው የሁለት ሰዎች ታሪክ ነው፡፡ የድሮው ሥርዓት ለእኩልነት የቆመ ነበር ማለቴ አይደለም፤ ሆኖም ከጋብቻ ውጪ ለሚኖር ሰው ቢያንስ አንድ የተከበረ በር ነበረው፤ ምናኔ፡፡ ዘመናዊው መንግሥት ሲመጣ በሩ ወደ መዝገብ ቤት መስኮት ጠበበ፡፡

የዚህ መዝገብ የመጀመሪያው ገጽ ሐምሌ 15 ቀን 1922 ዓ.ም. የወጣው የዜግነት ሕግ ነው፡፡ በዚህ ሕግ መሠረት ኢትዮጵያዊ ወንድ የውጭ አገር ሴት በሕግ ቢያገባ ሚስቱ ኢትዮጵያዊት ትሆናለች፡፡ ኢትዮጵያዊት ሴት የውጭ ሰው ብታገባና የባሏ አገር ሕግ ዜግነቱን ቢያወርሳት ግን ኢትዮጵያዊነቷን ታጣለች፡፡ የወንድ ፍቅር አገርን ያሰፋል፤ የሴት ፍቅር አገርን ያጎድላል እንደ ማለት ነው፡፡

ይህ ሕግ እንደ ድሬዳዋ ባለች ከተማ ላይ ምን ማለት እንደ ነበረ አስቡት፡፡ ድሬዳዋ በ1895 ዓ.ም. ሐዲዱ ከጅቡቲ ተነሥቶ ከሐረር ተራሮች ግርጌ ሲደርስ የተቆረቆረች፣ ምኒልክም አዲስ ሐረር ያሏት የባቡር ልጅ ናት፡፡ ከደቻቱ ወዲህ ከዚራ፣ ከደቻቱ ወዲያ መጋላ፤ በሁለቱም ዳር ግሪኩ፣ አርመኑ፣ የመኑ፣ ህንዱ፣ ጣሊያኑና ፈረንሳዩ ከሶማሌው፣ ከኦሮሞው፣ ከሐረሪውና ከአማራው ጋር በአንድ ገበያ ይውሉ ነበር፡፡ በአንድ ግቢ ያደጉ ወንድምና እኅት እናስብ፡፡ ወንድም የግሪክ ልጅ አገባ፤ እኅት ደግሞ በሐዲዱ ኩባንያ የሚሠራ ግሪክ አገባች፡፡ ከአቴንስ የመጣችው ምራት ኢትዮጵያዊት ሆነች፤ እዚሁ ለጋሃር ጥግ የተወለደችው ልጅ ደግሞ በወረቀት የውጭ ሰው ሆነች፡፡ በ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጉ የውጭ ሰው የማይንቀሳቀስ ንብረት ባለቤት እንዳይሆን በከለከለ ጊዜ የወረቀቱ ነገር እስከ ቤቷ ደጃፍ ድረስ ይደርሳል፡፡ የኢትዮጵያ ሕግ ባዕድ ልማድ አልፈጠረም፤ ፈረንሳይ ከ1804፣ እንግሊዝ ከ1870፣ አሜሪካም በ1907 (ሁሉም እ.ኤ.አ.) ባወጧቸው ሕጎች የራሳቸውን ሴቶች እንዲሁ ያደርጉ ነበር፡፡ ሴት የአገር ልጅ የምትሆነው በአባቷ ወይም በባሏ በኩል ብቻ ነው የሚለው እምነት የዘመኑ ነበር፡፡

ይህን እምነት እስከ መጨረሻው ጫፍ የወሰዱት ፋሺስቶች ናቸው፡፡ ሙሶሊኒ እ.ኤ.አ. ከ1927 ጀምሮ በወንደላጤዎች ላይ ግብር ጣለ፤ ከጥቂት ዓመታት በኋላም ተመሳሳይ ጾታ ያፈቅራሉ የተባሉ ወንዶችን ሳን ዶሚኖ ወደተባለች ደሴት አጋዘ፡፡ እ.ኤ.አ. በ1935 ጥቁር ሴትን የሚያወድሰው ‹‹ፋቼታ ኔራ›› የተባለ ዘፈን ወታደሩን እያስጨፈረ ወደ አገራችን ሸኘው፤ ወረራው ከተሳካ በኋላ ግን ያው አገዛዝ ዘፈኑን ጠላው፡፡ ሚያዝያ 11 ቀን 1929 ዓ.ም. የወጣው ድንጋጌ ከቅኝ ተገዢ ጋር እንደ ባልና ሚስት የኖረን ጣሊያናዊ ከ1 እስከ 5 ዓመት በእስራት የሚቀጣ ሆነ፡፡ በ1932 ዓ.ም. ደግሞ ጣሊያናዊ አባት ከኢትዮጵያዊት የወለደውን ልጅ ልጄ ነው እንዳይል ተከለከለ፡፡ ልብ በሉ፤ ሕጉ የሚያስረው መድፈርን አልነበረም፤ አብሮ መኖርን፣ መፋቀርን ነበር፡፡ ለብሔርተኛው መንግሥት የሚያስፈራው የሰው ገላ ሳይሆን ከመስመሩ የወጣ ቤተሰብ ነው፡፡

ከነፃነት በኋላም ቤቱ አልፈረሰም፡፡ የፍትሐ ብሔር ሕጉ በቁጥር 635 ባል የቤተሰቡ አስተዳዳሪ ነው፣ ሚስትም ትታዘዘዋለች አለ፡፡ ንጉሡ ለሕዝቡ አባት፣ ባል ለቤቱ ንጉሥ፤ ሁለቱ አንዱ የሌላው ጥላ ነበሩ፡፡ ደርግ ንጉሡን አውርዶ እናቲቱን አስቀረ፡፡ በሚያዝያ 1969 ዓ.ም. ‹‹የእናት አገር ጥሪ›› ታወጀ፤ ‹‹አብዮታዊት እናት አገር ወይም ሞት›› የሚለው መፈክር በየግድግዳው ተጻፈ፡፡ በዚያው ዓመት ነሐሴ ወር የሶማሊያ ጦር ድሬዳዋ ደጃፍ ደርሶ ሲመለስ እናት የሚለው ቃል ለከተማችን ዘይቤ ብቻ አልነበረም፤ እውነተኛ እናቶች እውነተኛ ልጆቻቸውን ቀብረዋል፡፡ ሆኖም ቃሉ ለእናቲቱ የሰጣት ሥራ አንድ ብቻ ነው፤ መውለድና መስጠት፡፡

ለውጥ የመጣው በዝግታ ነው፡፡ የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 33 ጋብቻ የሴትም ሆነ የወንድ ኢትዮጵያዊ ዜግነትን እንደማያስቀር ደነገገ፤ ከ1922ቱ ሕግ 65 ዓመታት በኋላ መሆኑ ነው፡፡ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ባልና ሚስትን በቤተሰብ አመራር እኩል አደረገ፤ ክልሎች የየራሳቸውን ሕግ ሲያወጡ ይህ አዋጅ የሚሠራው በአዲስ አበባና በእኛዋ ድሬዳዋ ነው፡፡ በምሠራበት ባንክ ሒሳብ የሚከፍት ሰው ‹‹ያገባ፣ ያላገባ፣ የፈታ፣ የሞተበት›› ከሚሉት አንዱ ላይ ምልክት ያደርጋል፡፡ የባንኩ ጥያቄ ምክንያት አለው፤ የጋራ ንብረት ጉዳይ ነው፡፡ አገር ያንኑ ጥያቄ ሲጠይቅ ግን የሚፈልገው ሌላ ነገር ነው፤ ከእኛ ወገን ነህ ወይስ አይደለህም?

ጥያቄው ዛሬ አጥብቆ የሚያርፈው ተመሳሳይ ጾታን በሚያፈቅሩ ሰዎች ላይ ነው፡፡ የ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ በቁጥር 600 ድርጊቱን በእስራት ይቀጣ ነበር፤ የ1996ቱ የወንጀል ሕግም በአንቀጽ 629 በእስራት ይቀጣል፡፡ የእምነት ተቋማት ትምህርትም ግልጽ ነው፤ ያንን እዚህ አልሟገተውም፡፡ እኔን የሚያሳስበኝ የክርክሩ ቋንቋ ነው፡፡ በታኅሣሥ 2001 ዓ.ም. የሃይማኖት መሪዎች ሕገ መንግሥታዊ ክልከላ እንዲደረግ ሲጠይቁም፣ በሚያዝያ 2006 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ታቅዶ በቀረው ሰልፍ ዙሪያም ከኃጢአት እኩል የተነሣው ነገር ባዕድነት ነው፤ ‹‹ይህ ኢትዮጵያዊ አይደለም›› የሚል፡፡ ኃጢአተኛ ንስሓ ይገባል፤ ወንጀለኛ ቅጣቱን ጨርሶ ይወጣል፡፡ ‹‹ኢትዮጵያዊ አይደለህም›› የተባለ ሰው ግን ወዴት ይመለሳል? እዚህ ላይ አንድ ነገር ላስታውስ፡፡ የ1949ኙን ሕግ ያረቀቁት ዣን ግራቨን የስዊስ ሰው ነበሩ፤ አገራቸው ግን በአዋቂዎች መካከል የሚፈጸመውን ይህን ድርጊት ከወንጀልነት ያወጣችው እ.ኤ.አ. በ1942 ነው፡፡ የአገር በቀልና የባዕድ ድንበር እንደምናስበው ቀጥ ያለ አይደለም፡፡

ምዕራባውያንም ከዚህ ፈተና አላመለጡም፡፡ ጃስቢር ፑዋር እ.ኤ.አ. በ2007 ባሳተመችው መጽሐፍ እንደምታስረዳው፣ ትናንት ተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪውን የአገር ጠላት ያለው ብሔርተኝነት ዛሬ እርሱኑ የሥልጣኔው ማኅተም አድርጎ ስደተኛውንና ሙስሊሙን ይገፋበታል፡፡ የተለወጠው በሩ ላይ የቆመው ሰው ነው፤ በሩ ያው ነው፡፡ ያም ሆነ ይህ የሰው ፍቅር ለባንዲራ ማገር ይሆናል፡፡

እንግዲህ ለእኛ ለቃል ሰዎች የሚቀረው ሥራ ቃሉን መመርመር ነው፡፡ ‹‹እናት አገር›› የሚለውን እንጣል አልልም፤ ውብ ቃል ነው፤ ብዙ ሰው ሞቶለታል፡፡ ነገር ግን ቃሉን የምንወድድ ከሆነ የእናትነትን ትርጉም ሙሉውን እንውሰድ፡፡ እናት ከልጆቿ መካከል ያገባውን፣ ሳያገባ የቀረውን፣ መካኗን፣ መነኩሴውን፣ ባዕድ አግብታ የሄደችውንና ጎረቤት የሚያማውን ለይታ ከማዕድ አታስነሣም፡፡ የጋብቻ ወረቀት የሚጠይቀው ዘበኛ ነው፡፡ አገራችንን በግጥም ስንጠራት የምናስቀምጣት ከምድጃው ዳር ይሁን ከበሩ መዝጊያ አጠገብ፣ ብዕር የያዘ ሁሉ ይወስን፡፡

ቸር ይግጠመን፡፡
ከድሬዳዋ