ጥቅጥቅ አፈር፦ የአፈር ቤት ሁሉ የጭቃ ቤት አይደለም

«ጥቅጥቅ አፈር» በእንግሊዝኛ «ራምድ ኧርዝ» ለሚባለው የግንባታ ዘዴ የቀረበ የአማርኛ አቻ ነው። በመጠኑ የረጠበ አፈር በሁለት ሳንቃዎች መካከል እየተጨመረና እየተጠቀጠቀ የሚሠራን ግድግዳ ያመለክታል። ግንበኞቻችን መሠረት ሞልተው አፈር ሲያጠብቁ «ጠቅጥቀው» ስለሚሉ ቃሉ ለጆሮ እንግዳ አይሆንም።

የለመድነው የጭቃ ቤት የሚቆመው በእንጨት ነው። ባሕር ዛፉ ይተከላል፣ ማገሩ ይመታል፣ ከጤፍ ጭድ ጋር ተቦክቶ የሰነበተው ጭቃ ይመረግበታል። እንጨቱን ምስጥ ወይም እርጥበት ሲበላው ቤቱ ያዘማል። በጥቅጥቅ አፈር ግን ጭነቱን የሚሸከመው አፈሩ ራሱ ነው። በቻይና ፉጂያን ግዛት በዚህ ዘዴ የተሠሩ ባለብዙ ፎቅ መኖሪያዎች ለመቶዎች ዓመታት ሰው ሲኖርባቸው ቆይተዋል።

ሥራው የሚጀምረው አፈር ከመምረጥ ነው። ሥርና ብስባሽ ያለበት የላይኛው አፈር ይነሳል፤ የሚፈለገው ከሥሩ ያለው፣ ሸክላ፣ አሸዋና ጠጠር የተመጣጠነበት ነው። ዋልካ ክረምት ስለሚያብጥና በጋ ስለሚሰነጠቅ አይሆንም። እርጥበቱ በእጅ ይፈተናል፦ አንድ እፍኝ አፈር ጨብጠው ሲለቁት ቅርጹን ከያዘ፣ ከወገብ ከፍታ ሲጥሉት ደግሞ ጥቂት ቦታ ከተሰበረ ለሥራ ደርሷል። ከተበተነ ውኃ አንሶታል፤ መሬት ላይ ከተለጠፈ በዝቶበታል። ከዚያ ከ10 እስከ 15 ሴንቲ ሜትር ውፍረት እየተደለደለ፣ የመጠቅጠቂያው ድምፅ ከታፈነ ወደ ጠንካራ እስኪለወጥ ድረስ ይመታል። ሳንቃው ሲነሳ ንብርብሮቹ በግድግዳው ላይ ተሰምረው ይታያሉ።

የዚህ ዘዴ ምሳሌ በአዲስ አበባ፣ ልደታ ተሠርቷል። እ.ኤ.አ. በ1954 የኢትዮ-ስዊድን የሕንፃ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ሆኖ የተመሠረተው፣ ብዙዎች ዛሬም «ሕንፃ ኮሌጅ» የሚሉት የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተቋም እ.ኤ.አ. በ2010 ከስዊዘርላንዱ ኢቲኤች ዙሪክ ጋር በግቢው ውስጥ «ሱዱ» የተባለ ባለአንድ ፎቅ የሙከራ ቤት ሠራ። ምድር ቤቱ ጥቅጥቅ አፈር ነው፤ የላይኛው ግድግዳ በተጨመቀ የአፈር ጡብ ተገንብቷል፤ ጣሪያው ደግሞ ቀጫጭን ጡቦች በቅስት ተያይዘው የተሠራ ነው። በእነዚያው ዓመታት የልደታ አሮጌ የጭቃ ሰፈሮች ፈርሰው በኮንዶሚኒየም እየተተኩ ነበር። የፈረሱት ቤቶች ጉድለት ከአፈርነታቸው ይልቅ ከአሠራራቸውና ከመጨናነቃቸው የመጣ እንደነበር ሱዱ ያስተምረናል። ከዓለም የካርቦን ልቀት ከ7 እስከ 8 በመቶ የሚሆነው ከሲሚንቶ በሚመጣበት ዘመን ይህ ትምህርት ሊናቅ አይገባም።

ዘዴው ጥንቃቄም ይፈልጋል። ትልቁ ጠላቱ ውኃ ስለሆነ ከመሬት ከፍ ያለ የድንጋይ መሠረትና ወጣ ያለ ታዛ ግድ ይለዋል። ያልተጠናከረ የአፈር ግድግዳ የመሬት መንቀጥቀጥን ስለማይችል፣ በስምጥ ሸለቆ ዳር ለምትገኝ አዲስ አበባ የመሐንዲስ ስሌት የግድ ነው። ጉልበትም ይበላል፤ ይህ ግን ሥራ ለሚፈልጉ ወጣቶች ሙያ ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ «ጥቅጥቅ አፈር» የምንለው ያለ ማገር የቆመውንና ተጠቅጥቆ የተሠራውን ግድግዳ ብቻ ይሁን፤ የተመረገው «የጭቃ ቤት» እንደተባለ ይቀጥል። አንድ ሰው «ቤቴን በጥቅጥቅ አፈር ልሠራ ነው» ሲለን «አፈር? ዛሬም?» ከማለት ይልቅ አፈሩን ፈትኖ እንደሆነ፣ መሠረቱ ምን ያህል ከፍ እንደሚልና ታዛው ምን ያህል እንደሚወጣ እንጠይቀው።