ከ«ጃንሆይ፣ አቤት!» እስከ ሰበር ችሎት

ፍርድ ተዛብቶብኛል ለሚል ሰው ድሮ የመጨረሻው በር ዙፋን ችሎት ነበር። ከወረዳ አውራጃ፣ ከአውራጃ ከፍተኛ ፍርድ ቤት፣ ከዚያም ጠቅላይ የንጉሠ ነገሥት ፍርድ ቤት ደርሶ ያልቀናው ባላገር «ጃንሆይ፣ አቤት!» ይላል። ነገሩ ልማድ ብቻ አልነበረም፤ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ሳይቀር ያውቀው ነበር።

ሲያዩት ያጓጓል፤ ድኻው ንጉሡ ፊት ይቆማላ! ግን እስቲ እናስብ፤ የጠየቀው መብቱን ነው ወይስ ምሕረት? ቢፈረድለት መሬቱን ያገኛል፤ ጎረቤቱ ግን ለዚያው ዓይነት ነገር እንደገና ደጅ ይጠናል። ባይፈረድለትስ? «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ነዋ!

መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሡ ሲወርዱ ዙፋን ችሎትም አበቃ። በ1980 ዓ.ም. የሰበር ሥልጣን ለጠቅላይ ፍርድ ቤት ተሰጠ፤ የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም አጸናው። ሰበር ማስረጃ እንደ አዲስ አይመዝንም። ጥያቄው አንድ ነው፦ በመጨረሻው ፍርድ ላይ መሠረታዊ የሕግ ስሕተት አለ ወይ? በ1997 ዓ.ም. ደግሞ አዋጅ ቁጥር 454 የሰበርን የሕግ ትርጉም በየደረጃው ላሉ ፍርድ ቤቶች አስገዳጅ አደረገው።

ባላገሩ ምንም አልቀረበትም ማለት አይደለም። ዙፋኑ ፊት ብሶቱን እንዳለ ሊያፈስ ይችል ነበር፤ ሰበር ግን «ይህ የፍሬ ነገር ክርክር ነው» ብሎ ሊመልሰው ይችላል። ቢሆንም አንዱ የረታበት ነገር ለሌላውም ደንብ ሲሆን፣ አቤቱታ ልመና መሆኑ ይቀራል።